ግማሽ ጋሻ

ከከዚራ ወጣሁ፣ በባጃጅ፣ ማለዳ፣
መዝገብ በብብቴ፣ እንደ ዕዳ ሰብሳቢ፣ እንደ ክፉ እንግዳ፤
አንድ ጣሳ ቀለም፣ ቀይ፣ ከእግሮቼ መሀል፣
ክዳኑ ላልቶበት ሱሪዬን ይነካል።

ትእዛዙ አጭር ነው፦ «ዛፉን ሁሉ ቁጠር፣
ቁጥሩን ግንዱ ላይ ጻፍ፣ አንድም ሳታስቀር።»
ለምን? አልነገሩኝም። ሊጠብቁም ይቆጥራሉ፣
ሊቆርጡም ይቆጥራሉ፤ በአንድ ቀለም ይቀባሉ።

ጫካ ይሉታል ወይ? ግማሽ ጋሻ መሬት፣
ከገንደ ቆሬ በላይ፣ ከወንዙ ዳር አንገት፣
በሽቦ የታጠረ፤ ሽቦው ግን የላላ፣
ፍየል የምታውቀው በር አለው ከኋላ።
ግራር ነው፣ ቁርቁራ ነው፣ ቁልቋል ነው፣ እሬት ነው፤
ጥቂት ኒም ከታች አለ፣ አንድ ዘመቻ ሲያልፍ ጥሎት የሄደው።
ከዚህ ሆነው ሲያዩት ከተማው ከመዳፍ ይገባል፣
የባቡሩ ሐዲድ እንደ ጠባሳ ያበራል፤
ደቻቱም ተኝቷል፣ አሸዋውን ለብሶ፣
ደረቅ ነው፤ አያውቅም ማን እንዳደረ አልቅሶ።

አው ቡሽራ፣ ጠባቂው፣ ሽርጡን አጥብቆ፣
«ስንት ይሆናሉ?» ስለው አየኝ ስቆ።
«በቁጥር አላውቃቸውም፤ በጠባይ ነው የማውቃቸው።
ይሄ ቂመኛ ነው፣ የያዘውን አይለቅም እሾኹ፤
ያ ሰነፍ፣ ዘንድሮም አላበበ፤
እዚያ ማዶ ያለችው ቁርቁራ ቸር ናት፣
ከመጋላ ልጆች ድንጋይ ተቀብላ ፍሬ ትመልሳለች።
ከሥሯ እንሹ ትተኛለች።
ሁለት ነበሩ፤
ባልዋን ጅብ የበላው ለት
ሦስት ቀን ከቦታዋ አልተነሣችም።»

ቅጹ ላይ «ጠባይ» የሚል ዓምድ የለም።
ቀባሁ። አንድ። ሁለት። ሃያ። መቶ አሥር።
ቅርፊቱ ቀለሙን እየጠጣ፣
ላቤ ዓይኔ ውስጥ እየገባ፣
ዋኔ ከላይ ሆና እያላገጠችብኝ።

ሁለት መቶ አሥራ ሁለት ላይ እጄን ያዘው።
ግራር ነው፣ ወፍራም፣ ከወንዙ አፍ የቆመ።
ከባላው መሀል፣ ከራሴ በላይ፣
የልጅ ጫማ አለ፣ ፕላስቲክ፣ የግራ እግር፣
ሰማያዊ የነበረ ይመስላል።
ጎርፉ ነው ያስቀመጠው፣ በዚያ ሌሊት።
ግራሩም አልጣለው፤ ዓመት በዓመት ላይ ቅርፊቱን እየሳበ
ግማሹን ውጦታል፤
ተረከዙ ብቻ ቀርቷል፣ ወደ ከተማው የዞረ።

«የማን ነው?»
አው ቡሽራ ከቀለሙ ጣሳ ላይ ዝንብ አባረረ።
«ሂንዲያ የምትባል ሴት አለች፣ ጭራሮ ለቃሚ፤
ቤቷ ከላይ ነበር፣ ከወንዙ እጥፋት።
ዓርብ ዓርብ ትመጣለች። የወደቀውን ትወስዳለች፣ ፈቅጄላታለሁ።
ከዚህ ግራር ሥር ግን፣ ጭራሮ ሞልቶ፣
አጎንብሳ አታውቅም።
እሷ አልነገረችኝም፤ እኔም አልጠየቅኳት።
አንተም አትጠይቅ።»

ጋሻ ይሉታል ሰዎች፣ መሬት ሲለኩበት፤
ጦር ሲመጣም ጋሻ ነው፣ አንዱ ቃል ለሁለት።
ያን ሌሊት ይህ ጫካ ውሃውን መከተ፤
ግማሽ ጋሻ ነውና፣ ግማሹን ሳተ።

የብሩሹን ቀለም ድንጋይ ላይ አራግፌ፣
ወደሚቀጥለው ሄድኩ፣ አንዱን ዛፍ አልፌ።
ሁለት መቶ አሥራ ሦስት ቁርቁራዋ ሆነች።
ሐሙስ ነበር ቀኑ።
ጀንበር ስታዘቀዝቅ፣ ጣሳዬን ይዤ ስወርድ፣
እንሹዋ ካልደረቀው ቁጥር ሥር ተኝታ ነበር፤
ጆሮዋን እንኳ አላነሣችልኝም።

አለቃዬ በማግስቱ መዝገቡን በጣቱ ሲወርድ
ሁለት መቶ አሥራ አንድ ላይ ቆመ።
«አሥራ ሁለተኛው የት ሄደ?»
«ጅብ በላው» አልኩት።
መነጽሩን አወለቀ። አየኝ።
ማራገቢያው ከላያችን እየተንቋቋ ይዞራል።
ገጹን ገለጠ።